እማማ ኩሜ ከባድ ናቸው

ቺዙሩና ሴይጂ የሚነካኩት በእማማ ኩሜ ጀርባ ሥር ብቻ ነበር።

ሁለቱም በጃፓን ኡዋጂማ ወደብ ዳር ባለው የአረጋውያን መጦሪያ ረዳት አስታማሚዎች ናቸው፤ እሷ በሴቶቹ ክፍል፣ እሱ በወንዶቹ። እማማ ኩሜ ዕድሜያቸውን በዕንቁ እርባታ የገፉ፣ አጥንታቸው ሰፊ ሴት ስለሆኑ አልጋ ላይ ለማገላበጥ ሁለት ሰው ያስፈልጋል። ስለዚህ ጠዋት ጠዋት ሴይጂ ይጠራል። ከግራና ከቀኝ ቆመው እጃቸውን ከአሮጊቷ ወገብ ሥር ይሰዳሉ፤ መሐል ላይ አንዱ የሌላውን የእጅ አንጓ ይጨብጣል።

«ተዘጋጀሽ?»

«ተዘጋጅቻለሁ።»

ከዚህ ያለፈ ወሬ የላቸውም። ቺዙሩ ግን ቀኑን ሙሉ አንጓዋ ይሞቃታል።

ብርዱ ሲገባ እማማ ኩሜ ምግብ ጠሉ። ቺዙሩ የሩዝ አጥሚቱን በማንኪያ ይዛ ትለማመጣቸው ጀመር።

«አንዲት ብቻ፣ እማማ።»

«ልታደልቢኝ ነው እንዴ? የት ወስደሽ ልትሸጪኝ ነው?»

ሳቀች። በልቧ ግን «አምላኬ፣ ክብደታቸውን መልስላቸው» አለች፤ ወዲያው አፈረች። ከቀለሉ ሴይጂ አይጠራም። ጸሎቱ ለእሳቸው ይሁን ለራሷ፣ መለየት አቃታት።

የፈራችው ደረሰ። አለቃቸው ወይዘሮ ኦጋታ አሮጊቷን አስመዘኑና «ከነገ ጀምሮ አንቺ ብቻሽን ትበቂያለሽ» አሏት። «ሴይጂም ቢሆን መሄዱ ነው። አባቱ አልጋ ይዘዋል፤ ወደ ደሴታቸው ይመለሳል።»

በማግስቱ ብቻዋን ገባች። እጇን ሰደደች። ወዲያ ማዶ የሚጠብቃት እጅ አልነበረም።

እማማ ኩሜ የአልጋውን ብረት ጨመደዱ።

«አልገለበጥም። ከባድ ነኝ።»

«ቀልለዋል እኮ፣ እማማ።»

«ሚዛኑ ነው ያበደው። ያንን ዝምተኛ ጥሪልኝ። እናንተ ዲዳዎች እጅ ለእጅ ስትፈላለጉ ጀርባዬ የማይሰማ መሰላችሁ?»

ሴይጂ መጣ። አሮጊቷን አገላበጡ፤ እጁን ግን አልለቀቀም።

«እንደምትሄድ ለምን አልነገርከኝም?»

«ምን ብዬ? ያለኝ የመንደሪን ዛፍና የታመመ አባት ነው። እዚያ ነይ ብሎ ማን ሰው ይጠይቃል?»

«መጠየቅማ ይጠየቃል» አሉ እማማ ኩሜ፣ ፊታቸው ወደ ግድግዳው እንደዞረ።

ሴይጂ እስከ ጆሮው ድረስ ቀላ። «ትመጫለሽ?»

ቺዙሩ የከሳውን ሰፊ ጀርባ አየች።

«እመጣለሁ። ግን እማማን ጥዬ አይደለም።»

«እጠብቃለሁ።»

«እንግዲህ ቶሎ ልሙትላችሁ ነዋ» አሉ አሮጊቷ። «እስቲ ያንን አጥሚት አምጪው።»

ሴይጂ በጀልባ ሄደ። ከደሴቱ አንድ ካርቶን መንደሪን ላከ፤ እማማ ኩሜ መራራ ነው እያሉ ይበሉታል።

ጠዋት ጠዋት ቺዙሩ ብቻዋን ታገላብጣቸዋለች። እጇ ከሚያስፈልገው አልፎ ይሄድና ባዶው ቦታ ላይ ጥቂት ይቆያል። ከዚያ ቀና ታደርጋቸውና ማንኪያውን ታነሳለች።

«አምላኬ» ትላለች፣ «ክብደታቸውን መልስላቸው።»

አሁን ግን አታፍርም።