እሳት ያየው አረም

ሟቹ በግንባሩ ተደፍቶ የተገኘው ባህሩ ዳር ነው፤ አረንጓዴ ሙልጭልጭ አረም በሸፈናቸው ድንጋዮች መሃል። ጎህ ሲቀድ ዓሣ አጥማጆች አይተውት ጮኹ። ፀሐይዋ ሞቅ ሳትል ደግሞ አማቹ፣ የልጁ ባል የሆነው ባለጀልባ፣ በካቴና ታሰረ። ትናንት ከሰዓት ሁለቱ እዚያው ዳር ላይ ሲጯጯኹ ያየ ሰው አለና። ነገር ሲቸኩል እንዲህ ነው፤ የሬሳው ልብስ ሳይደርቅ ገዳይ ይገኝለታል።

መርማሪዋ ስትደርስ አለቃዋ ቆሞ ያዛጋ ነበር። በጣቢያው «መዥገር» ይሏታል፤ አንዴ ከነከሰች አትለቅም። እንደሚሏት ታውቃለች፤ ተቆጥታም አታውቅም።

«ወይ አዳልጦታል፣ ወይ አማቹ ገፍቶታል» አለ አለቃው። «ሐኪሙ የባህር ውሃ ጠጥቶ ነው የሞተው ብሏል። ልጁን ነገ ጠዋት ወደ ዋናው እስር ቤት እልከዋለሁ፤ እዚያ ይጨርሱለት።»

«ሦስተኛ የለውም?»

«ምን ሦስተኛ አለው? ድንጋዩን አታዪውም እንዴ? ዝንብ እንኳ ቢያርፍበት ይንሸራተታል።»

መርማሪዋ ጎንበስ ብላ የሟቹን ጫማ ገለበጠች። ከዚያ የራሷን ጫማ አንስታ አሳየችው። ሦስት እርምጃ ብቻ ተራምዳ አረንጓዴው ልጋግ ሶሏ ላይ ተጋግሯል። የሟቹ ሶል ግን ንጹሕ ነው።

«ታዲያ በእጁ ነው የተራመደው?» አለች።

ሐኪሙ የሟቹን ጭብጥ ጣቶች አንድ በአንድ ሲያላቅቅ አንድ እፍኝ አረንጓዴ አረም ወጣ። «ይኸውልሽ፤ ሲወድቅ የጨበጠው ነው» አለ አለቃው ደስ ብሎት። እሷ ግን አረሙን ብርጭቆ ውስጥ ጨመረችና የባህር ውሃ አፍስሳበት ወደ መኪናዋ ሄደች።

መኪናው አጠገብ የሟቹ ልጅ ቆማለች። ሆዷ ገፍቷል፤ ወሯ ገብቷል።

«አባቴን ዛሬ ልቀብር ነው» አለች። «ነገ ደግሞ ባሌን ልትቀብሩልኝ ነው? ይሄ የሚወለደው ማንን ያይ?»

«ባልሽ ከአባትሽ ጋር በምን ተጣላ?»

«አልነገረኝም። እሱ እንደሆነ አፉን ከዘጋ በመጥረቢያም አይከፈት።»

እውነቷን ነበር። ባለጀልባው እስር ክፍሉ ውስጥ ግድግዳውን እያየ «የቤተሰብ ነገር ነው» ከማለት ሌላ ቃል አልወጣውም። መርማሪዋ ብርጭቆውን ስታሳየው አንዴ አየት አደረገና «የድንጋዩ አረም ነው፣ አረንጓዴው» አለ።

«አንተ የምታመጣው ይሄንን አይደለም?»

«የኔ ቡናማው ነው። ከጥልቁ ቆርጬ በትከሻዬ አመጣና በር ላይ አራግፋለሁ፤ ከዚያ ወዲያ የነሱ ሥራ ነው። ማፍሊያው ቤት ገብቼ አላውቅም፤ እትዬ ወንድ አታስገባም።»

እትዬ የሚላት የሟቹን ታናሽ እህት ነው። ወንድምና እህት ከባህሩ በላይ ባለው ጉብታ ላይ የአረም ማድረቂያ ቤት አላቸው። ቡናማው የባህር አረም በበርሜል የፈላ ውሃ ውስጥ ነከር ይደረጋል፣ ቀዝቃዛ የባህር ውሃ ወደ ሞላ ገንዳ ይገለበጣል፣ ከዚያ በገመድ ተሰጥቶ ይደርቃል። ለምግብም ለመድኃኒትም የሚገዛው አይጠፋም። እሳቱ ፊት የምትቆመው እህትየው ናት። የሟቹ ሚስት በወሊድ ስትሞት ልጅቱን በጀርባዋ አዝላ ያሳደገቻትም እሷው ናት፤ የራሷ ቤት፣ የራሷ ልጅ ሳትል።

መርማሪዋ ሐዘን ቤቱ ስትገባ አክስትየዋ ከለቀስተኞቹ ተለይታ ጥግ ላይ ተቀምጣለች። እጆቿ ከእንፋሎት ብዛት ቀልተው ተላልጠዋል።

«እግዜር ያጽናዎት። ትናንት ከሰዓት በኋላ የት ነበሩ?»

«የት እሄዳለሁ ልጄ? ጉልበቴን አሞኝ ጋደም ብዬ ነበር።»

«ይሄ ምንድን ነው?» ብርጭቆውን አቀረበችላት።

አክስትየዋ አላነሳችውም። «የድንጋዩ አረም ነዋ። አረንጓዴው። ምን ይሆናል ብለሽ ነው?»

«እኔማ አላውቅም ብዬ ነው» አለች መርማሪዋ፤ ብርጭቆውንም በነጠላዋ ሸፍና ወጣች።

ከጀርባ ባለችው ክፍል አንድ ዶክተር ተከራይቷል፤ የሰው ሳይሆን የአረም። ግድግዳው ሙሉ ጠርሙስ ነው፣ በየጠርሙሱ አረም ተነክሯል። ሟቹ ባለፈው ሳምንት «ቤቴን አገማኸው፣ ውጣልኝ» ብሎት እንደነበር ለቀስተኞቹ ሲያወሩ ሰምታለች። ስለዚህ ብርጭቆውን አላሳየችውም። ተጠርጣሪ ነዋ።

«አባረረኝ፣ እውነት ነው» አለ ዶክተሩ። «በማግስቱ ደግሞ ዓሣ ይዞልኝ መጣ። ጠባዩ እንደዚያ ነበር። ትናንት ማን አየህ ካልሽኝ፣ ከጠርሙሶቼ በቀር ማንም።»

«እስቲ እነዚህን እንዴት እንደምትለያቸው ንገረኝ። እኔ የፊደል ዘር የቆጠርኩት በግድ ነው፣ በሰው አማርኛ አድርገው።»

ሳቀና ወንበር ሰጣት። «ሦስት ትልልቅ ወገን አሉ። አረንጓዴው፣ ቡናማው፣ ቀዩ። አረንጓዴው ብዙ ብርሃን ስለሚወድ ዳር ድንጋይ ላይ ታገኚዋለሽ፤ በወንዝም በኩሬም አለ። ቡናማው ከዚያ ዝቅ ይላል፤ ባህር ካልሆነ ውሃ አይጥመውም ማለት ይቻላል። ቀዩ ደግሞ ብርሃን በጭላንጭል በሚደርስበት ጥልቅም ይኖራል።»

«በቀለም መለየት ነው እንግዲህ። ቀላል ነው።»

«ቀለም ያታልላል። ቡናማውም ውስጡ አረንጓዴ አለው፤ ቡኒው ከላይ ስለተደረበበት ነው የማይታየው። ዘሩን ማወቅ ከፈለግሽ አካሉን እይ። የዳሩ አረንጓዴ እንደ እርጥብ ወረቀት ስስ ነው። ይሄኛው ቡናማ ግን ግንድ አለው፣ መሃሉ ላይ ጅማት አለው፣ ቀጥ ብሎ እንዲቆም እንደ ፊኛ ያሉ የአየር ከረጢቶች አሉት።»

መርማሪዋ ነጠላዋን ገለጥ አድርጋ ብርጭቆዋን ሰረቅ አድርጋ አየች። ፊኛዎች። ትንንሽ፣ ክብ ክብ፣ አረንጓዴ ፊኛዎች።

ከዶክተሩ ስትወጣ ልጅቱ ማፍሊያው ቤት በር ላይ አፍንጫዋን በሻርፕ አስራ ቆማለች። የቀብሩ ሰዓት እስኪደርስ አረሙ እንዳይበሰብስ እሳት አያይዛለች። ሐዘን አረም አያደርቅም። አንድ ክንድ ሙሉ ቡናማ አረም አንስታ የፈላው ውሃ ውስጥ ጣለችው። መርማሪዋ ዓይኗን ማመን አቃታት። ያ የቆዳ ጫማ የመሰለ ነገር ወዲያው አረንጓዴ ሆነ፤ የበጋ ሣር የመሰለ አረንጓዴ።

«ሁልጊዜ እንዲህ ይሆናል?»

«ሁሌም። ደግሞ ሽታው! ካረገዝኩ ወዲህ ያስመልሰኛል። ከዛሬ በቀር እኔ ካለሁ እሳት አይነድም። ትናንትም አባዬ ያስለኮሰው እኔና ባሌ ሐኪም ቤት ከሄድን በኋላ ነው።»

«ባልሽ እስከ ስንት ሰዓት አብሮሽ ነበር?»

«እስኪመሽ። ሐኪሟን ጠይቂያት፤ በጥያቄ ነው ያሰለቻት።»

መርማሪዋ ገንዳውን አየች። ከወገብ ከፍ ይላል። አጠገቡ የአረም ጋሪ ቆሟል፤ መንኮራኩሩ ላይ ከዳር የመጣ አሸዋ ተጣብቋል። ማፍሊያውም ማድረቂያውም እዚሁ ጉብታው ላይ ናቸው። ጋሪው ባህር ዳር ምን ሊሠራ ወረደ?

ከቀብር መልስ ሁሉንም እዚያው ማፍሊያው ቤት ሰበሰበቻቸው። አለቃው እያጉረመረመ መጣ፤ ባለጀልባውን ከነካቴናው አመጡት። በርሜሉ እየተንተከተከ ነው። አረሙን ነጭ ሳህን ላይ ዘረጋችው።

«ይሄ ከሟቹ እጅ የወጣ ነው። ምንድን ነው?»

«ነግሬሻለሁ፣ የድንጋዩ ነው» አለ ባለጀልባው።

ዶክተሩ መነጽሩን እንኳ አላደረገም። «ቡናማው ነው እንጂ። ፊኛውን አታዩም? የፈላ ውሃ ቡኒውን ገፎት ነው።»

ልጅቱ ጠጋ ብላ በጣቷ ነካችው። «ይሄማ የኛው ነው፣ ከገንዳው የወጣ። እትዬ፣ አይደለም እንዴ?»

አክስትየዋ ፊቷን ከሳህኑ አዞረች።

«እሳት ካየው ምን ለየው ይላሉ» አለች መርማሪዋ። «ዛሬ ግን የለየን እሳት ነው። ጫማው ንጹሕ ነው፤ ስለዚህ በእግሩ ድንጋዩ ላይ አልወጣም። በእጁ የጨበጠው የተቀቀለ ቡናማ ነው፤ ስለዚህ የሞተው እዚህ ገንዳ ውስጥ ነው። ገንዳውም የባህር ውሃ ነው፣ ሐኪሙን ያሳሳተው እሱ ነው። እሳቱ የነደደው ባልና ሚስት ከሄዱ በኋላ ነው፣ እስኪመሽም አልተመለሱም፤ ስለዚህ ልጁ የለበትም። ሬሳውን ጋሪው አወረደው። ከዚያ ወዲያ የቀሩኝ ዶክተሩና እርስዎ ነበራችሁ።»

«እና?» አለ አለቃው፤ አሁን ነቅቷል።

«ዶክተሩ ቢገድለው ኖሮ አሁን ቡናማ ነው ብሎ አፉን አይከፍትም። ባለጀልባው ተሳሳተ፤ ይህን ቤት ገብቶ አያውቅም፣ ቢሳሳት አይፈረድበትም። እርስዎ ግን እትዬ፣ ዕድሜዎን ሙሉ ከዚህ በርሜል ሲያወጡ የኖሩትን አረም የድንጋይ አረም አሉኝ። እርስዎ መሳሳት አይችሉም። መዋሸት ብቻ ነው የሚችሉት።»

ልጅቱ እጇን አፏ ላይ ጫነች። የተናገረችው ምን እንደነበር ገና ያኔ ገባት።

አክስትየዋ የተላላጡ እጆቿን አየቻቸው። «ፀጉሬ የነጣው በዚህ እንፋሎት ነው» አለች። «ትናንት መጥቶ፣ ከነገ ጀምሮ ቤት ተቀመጪ፣ ቦታው የልጆቹ ነው አለኝ። እንደ አሮጌ ጆንያ። ከዚያ አረሙን ሊያይ ገንዳው ላይ ጎንበስ አለ። ገፋሁት። ወዲያው እጄን ሰደድኩ፤ ላወጣው ነበር። እጄ ግን ወደ ታች ነው የሄደው።»

«ጋሪውንስ ብቻዎን?»

«ከእርጥብ አረም ሬሳ አይከብድም።»

«ልጁ በርስዎ ፈንታ ሲታሰርስ?»

«ቦታዬን የወሰደ እሱ አይደል? ይቅመሳት አልኩ።»

ባለጀልባው ካቴናው እየተንኳኳ አንድ እርምጃ ቀረባት።

«እትዬ» አለ። «ትናንት ከሳቸው ጋር የተጣላነው እኮ በዚሁ ነው። ቦታውን ውሰድ ሲሉኝ፣ እትዬ እያሉ እጄን አላስገባም ብያቸው ነው።»

«ለምን አልተናገርክም?» ጮኸ አለቃው። «ነገ ልትሄድ!»

«ወንድሟ ሊያስወጣት እንደነበር ከኔ አፍ እንዳትሰማ ብዬ።»

አክስትየዋ ባለጀልባውን ብዙ አየችው። ልታለቅስ ያሰበች መስሎ ነበር፤ አላለቀሰችም።

«ሞኝ» አለችው። «አንተ ሞኝ።»

አለቃው ካቴናውን ከልጁ እጅ ፈትቶ ወደ እሷ ዞረ። መርማሪዋ ብረቱ የተላላጠውን ቆዳ እንዳይነካባት የራሷን መሃረብ አንጓዋ ላይ ጠቀለለችላት። መዥገርም እንዲህ ታደርጋለች አንዳንዴ።

በሩ ላይ ሲደርሱ አክስትየዋ ቆመች። በርሜሉ መገንፈል ጀምሯል። ሳትዞር ለልጅቱ ተናገረች።

«አውጪው። ከቆየ ይሟሟል።»

ባልየው ሚስቱን ሊያቅፍ እጁን ዘርግቷል፤ እሷ ግን አላየችውም። ወንፊቱን አነሳች፣ ጎንበስ አለች፣ በግራ እጇ ሆዷን ደግፋ አረሙን ከፈላው ውሃ በአንድ ጊዜ ብድግ አድርጋ ገንዳው ውስጥ ገለበጠችው። ልክ እንደተማረችው።