የባርናቢ ልጓም

ባርናቢ ያን ቀን ጠዋት ከአራተኛ ፎቅ ሦስት ጊዜ ወደቀ። ሥራው ነው። ሌላው ሰው ቁርሱን በልቶ ቢሮ ሲገባ፣ እሱ ቁርሱን በልቶ በመስኮት ይወጣል። መሬት ሊደርስ አንድ ክንድ ሲቀረው ከወለሉ የሚነፋው የአየር ትራስ ቀለብ ያደርገዋል፤ የመጨረሻዋን ክንድ ግን በገዛ አጥንቱ ነው የሚወድቃት። ቢሾፍቱ ሐይቅ ዳር የፊልም ከተማው ከተቆረቆረ ወዲህ በዚህ የሚገረም ሰው የለም።

ያስገረመው ሳቅ መጥፋቱ ነበር። ቀረጻው የሚካሄደው ሦስት መቶ ተመልካች ፊት ነው፤ እያንዳንዱ ያሰረው አምባር የልቡን ምት እየለካ ግድግዳው ላይ ወዳለው የሳቅ ሚዛን ይልካል። ለይሉኝታ የተሳቀ ሳቅ አይቆጠርም። ድሮ ባርናቢ ሲወድቅ ሚዛኑ ከሰማንያ ወርዶ አያውቅም። በዚያ ጠዋት አሥራ አንድ ላይ ቆመ። ፊት ወንበር ላይ የተቀመጡ አንድ ሽማግሌ ጭራሽ አዛጉ።

ብሩክታዊት ሮጣ መጣች። የልጓሙ ባለሙያ እሷ ናት። ልጓም የሚሏት ማጅራት ሥር የምትቀበር፣ የምስር ፍሬ የምታህል መሣሪያ ናት፤ ሕመም ወደ አንጎል ሲጋልብ መንገድ ላይ ትይዘዋለች።

«ባርኒ፣ ጣትህን እየው» አለችው።

የቀኝ እጁ ትንሿ ጣት ወደ ኋላ ታጥፋለች።

«መቼ ነው የተሰበረችው?» አላት።

«እኔ ምኑን አውቄ? ያንተ ጣት አይደለች እንዴ!»

ባርናቢ እንግሊዝ አገር፣ ሃል በምትባል የወደብ ከተማ ነው የተወለደው። ስም ያወጣለት በአሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ከገበያ ጣሪያ ላይ በብስክሌት ወርዶ ዓሣ የሞላ በርሜል ውስጥ ሲዘፈቅ የተቀረጸ ቪዲዮ ነው። ከዚያ ሁለት ፊልም ሠራ፤ በሁለቱም ጎድኑ ተሰበረ። ከቢሾፍቱ «ሳያምህ ትወድቃለህ» የሚል ጥሪ ሲመጣለት ሻንጣውን እንኳ በቅጡ አልዘጋም። ይኸው ሦስት ዓመቱ ነው፤ አማርኛውም ቢኮላተፍም አያሳፍርም።

የመጀመሪያ ቀን ሲወድቅ፣ ከሳቁ በፊት አዳራሹ በአንድ አፍ «እኔን!» አለ። ምን ማለታቸው እንደሆነ ብሩክታዊትን ጠየቃት።

«ሰው ሲደናቀፍ እንዲህ እንላለን። ባንተ ፋንታ እኔን ይድፋኝ ማለት ነው።»

«ከልባችሁ ነው?»

ትንሽ አሰበችና «ሳናስበው ነው የሚወጣው» አለችው።

ያን ጊዜ ልጓሟ ማታ ማታ እንደ መብራት ትጠፋ ስለነበር ገላው ሕመምን ያውቃል። መሬት ሲቀርበው ይሸማቀቃል፣ ፊቱ ይጨማደዳል፤ ተመልካቹም አብሮት ተሸማቅቆ ይስቃል። ከሁለት ወር በፊት ግን ልጓሟ ብትጠፋም ሕመሙ ሳይመለስ ቀረ። ሐኪሙ ነርቩ ተጠምጥሞባታል፣ አትወጣም አለ። ሕመምን የረሳ ገላ መሬትን አይፈራም። ያልፈራ ሰው ሲወድቅ ማየት ደግሞ የጤፍ ከረጢት ሲወድቅ ማየት ነው፤ «እኔን» የሚልም የሚስቅም ጠፋ። የወደቀ ግንድ ምሳር ይበዛበታል እንዲሉ፣ መብራት ያዡ ሳይቀር እንዴት መውደቅ እንዳለበት ይመክረው ጀመር።

አዘጋጁ ጋሽ አሰግድ ወደ መድረኩ መጣ።

«ባርናቢ፣ ልጄ፣ እስከ ምሳ ሰዓት ሚዛኑ ስልሳ ካልገባ ፊልሙን እዘጋዋለሁ። ምን ላድርግ?»

ባርናቢ ከመውደቅ ሌላ የሚችለው ነገር አልነበረም፤ አሁን እሱንም አልቻለም።

ብሩክታዊት ለጣቱ ፋሻ ይዛ የመድረኩን ደረጃ ስትወርድ ገመድ ጠለፋትና ሦስት ደረጃ ተንከባላ በጉልበቷ ወደቀች።

«እኔን!»

የጮኸው ባርናቢ ነበር። ፊቱ አመድ መስሎ፣ እጁን አናቱ ላይ ጭኖ፣ እሱ ራሱ የሚወድቅ ይመስል ተጣሞ ቆመ። ሽማግሌውና ግማሹ አዳራሽም አብረውት «እኔን!» ብለው ነበር። ከአራተኛ ፎቅ ዓይኑን ሳያርገበግብ የሚወርደው ፈረንጅ ለሦስት ደረጃ እንዲህ ሲርድ ሲያዩ ግን ሳቃቸውን መቆጣጠር አቃታቸው። ሚዛኑ ዘጠና አራት አለ።

ባርናቢ በደስታ ሊያለቅስ ምንም አልቀረው። ሞተ ያለው ድንጋጤ ለካ አለ፤ ለራሱ ባይሆንም ለሰው አለ።

«ድገሙት» አለ ጋሽ አሰግድ።

ፍራሽ አንጥፈው ደገሙት። ባርናቢ ፍራሹን አውቋልና አልደነገጠም፤ ሚዛኑም አልተነቃነቀ። ለእሷም ለጊዜው የምትለጠፍ ልጓም አድርገው ሞከሩ፤ እንደማያማት አውቋልና አሁንም አልደነገጠም።

«ጋሽ አሰግድ፣ ይተዉ። እኔ ልውደቅ። እኔን'ኮ አያመኝም።»

«አያምህማ! ችግሩ እሱ አይደል?»

«ግድ የለም» አለች ብሩክታዊት ጉልበቷን እያሸች። «ሦስት ደረጃ ነው፤ ልጅ ሆኜ የባሰ ወድቄያለሁ።»

ልጓሟን አንስታ፣ ፍራሽ የሌለውን ደረጃ ወደቀች። ሚዛኑ ዘጠና ገባ፣ ፊልሙም ቀጠለ።

ዓይን ግን ይለምዳል። በሳምንቱ ሦስት ደረጃ ለባርናቢ ምንም አልመስል አለው፤ አምስት ሆነ። ከዚያ ሰባት። ካልደነገጠ ሥራው ያበቃል፣ ከደነገጠ ደግሞ እሷ ነገም ትወድቃለች። ሥራውን ልተው ብሎ ሲነግራት ዓይኗ እንባ አቀረረ።

«ልጓሟን የቀበረችው የእኔ እጅ ናት። ከተውክ አበላሽቼህ መቅረቴ ነው። እባክህ፣ ባርኒ።»

እሱም አፉን ዘጋ። እውነቱን ለመናገር፣ ሃል ተመልሶ ማንም የማይስቅለት ሰው መሆንንም ፈርቶ ነበር።

ዘጠኝ ደረጃ የተባለ ዕለት ግን ቆረጠ። አልደነግጥም፤ ሚዛኑ ይውደቅ፣ ፊልሙም ይዘጋ፣ እሷም ትረፍ አለ። ከንፈሩን ነከሰ። ደም አገጩ ላይ ሲወርድ እንኳ አላወቀም። ዓይኑን ጨፈነ። የጫማዋን ድምፅ ሰማ፣ ከዚያ መንሸራተቷን፣ ከዚያ አጥንት ድንጋይ ሲመታ።

«እኔን! እኔን ይድፋኝ!»

ሳያስበው ወጣ። አዳራሹ በሳቅ ተናወጠ፤ ሚዛኑ መቶ ሞላ፤ ጋሽ አሰግድ አጨበጨበ። ባርናቢ ደረጃውን በሁለት ዝላይ ወርዶ አጠገቧ ተንበረከከ። ብሩክታዊት የእጇን አንጓ አቅፋ ተኝታለች፤ ፊቷ ላብ በላብ ሆኗል።

«አይዞህ» አለችው።

ከዚያ አዳራሽ ወድቆ የማያመው እሱ ብቻ ነው፤ እሱ ደግሞ በእሷ ፋንታ እንዲወድቅ አልተፈቀደለትም። ቀና ብሎ ተመልካቹን አየ። ሌላ «እኔን» ፍለጋ ጆሮውን አቀና፤ መጀመሪያ የወደቀች ቀን ግማሹ አዳራሽ ብሎት አልነበር? ዛሬ ከሦስት መቶ አፍ አንድም አልወጣም። ሽማግሌው በሳቅ የፈሰሰ እንባቸውን በመሐረብ ይጠርጋሉ።

ባርናቢ የተሰበረች ጣቱን ወደ ማጅራቱ ሰደደ። ልጓሟ እዚያው ነበረች። እሱ ላይ ብቻ ያለች መስሎት ነበር።