አላየሁም ያላት ልጅ

ያ ዝናብ ባይመጣ ኖሮ ኢሳኪ ፑንኮዲን አያውቃትም ነበር! በእንስት አምላካቸው በማሪያማን በዓል የላይ ሰፈር ሴቶች እህል ያበቀሉበትን የቡቃያ ማሰሯቸውን በራሳቸው ተሸክመው በቤተ መቅደሱ ዋና በር ሲገቡ፣ የታች ሰፈሮቹ የየራሳቸውን ይዘው ውጭ ይቆማሉ፤ ደንብ ነው ተብሎ። አምና ግን ዶፉ ወረደና ሁሉም ተጋፍቶ በአንድ በር ገባ። ድምፅ ማጉያ የሚያከራየው የላይ ሰፈሩ ኢሳኪ ሽቦውን ለመሸፈን ሲሯሯጥ፣ አንዲት የታች ሰፈር ልጅ ራስ ላይ ማሰሮ ሲያዘነብል አይቶ በሁለት እጁ ያዘላት።

«ልቀቀው... ሰው ያየናል!»

«ቢያዩንስ? ከሚሰበር!»

ልቡ እዚያው ቀረ። ከዚያ ወዲያ፣ ድምፅ ማጉያ ልብስ ይለብስ ይመስል፣ እሷ ከምትሠራበት ልብስ ስፌት ቤት አልጠፋ አለ።

ዘንድሮ በዓሉ ሲቃረብ የላይ ሰፈር ሽማግሌዎች «የታች ሰፈሮች በዚህ በር ገብተው አያውቁም» ብለው ቆለፉት። ጉዳዩ ፍርድ ቤት ደረሰ፤ ፖሊስም መንደሩ መሀል ሰፈረ።

«ከእናንተ ወገን አንድ ሰው እውነቱን ቢናገር ይበቃናል» አለችው ፑንኮዲ። «ትመሰክርልናለህ?»

«አንቺን አይቼ እንዴት አላየሁም እላለሁ?»

ግን አለ። በችሎቱ ጠዋት፣ ያሳደገው አጎቱ ሙቱያ ክንዱን ይዞ፣ «አንተ ልጅ፣ እናትህ ስትሞት ማን አጉርሶ አሳደገህ? አየሁ ብትል ደም ይፋሰሳል። አላየሁም በል፣ ሰላም ይሆናል፤ በቃ!» አለው።

«አምና የታች ሰፈር ሴቶች ማሰሮ ይዘው በዋናው በር ሲገቡ አይተሃል?» ሲሉ ዳኛው ጠየቁት። ፑንኮዲ ከኋላ ወንበር ቀና ብላ ታየዋለች።

«አላየሁም።»

«አንዲትም ሴት?»

«አንዲትም።»

ሲወጣ ደጅ ላይ አገኛት።

«ፑንኮዲ፣ ይቅር...»

«ምነው ወንድሜ? አላየኸኝም እኮ! ከማታውቃት ሴት ጋር ምን ያነጋግርሃል?»

መሬት ተከፍታ ብትውጠው በወደደ። የላይ ሰፈር ሰዎች ጀርባውን መታ መታ እያደረጉ «ጎበዝ!» ሲሉት ደግሞ ባሰበት። አንድ ቀን ገበያ ላይ ጎመን ሊገዛ ቢጠጋ፣ ሻጯ የታች ሰፈር ባልቴት ቀና ብለው፣ «እኔንስ ታየኛለህ ልጄ፣ ወይስ እኔም የለሁም?» አሉት። ዙሪያው በሳቅ አውካካ። ጎመኑን ትቶ ሄደ፤ እንባው መጣ።

በሚቀጥለው ቀጠሮ ማንም ሳይጠራው ተነሣ።

«ክቡር ዳኛ፣ ዋሽቻለሁ! ሲገቡ አይቻለሁ። ማሰሮዋንም በእነዚህ እጆቼ ይዣለሁ። ስሟ ፑንኮዲ ነው።»

«አዋረድከን!» አለ ሙቱያ።

«የተዋረድኩትማ ያን ቀን ነው፣ አጎቴ።»

ዳኛው በሐሰት መመስከር እንደሚያሳስር ነግረው በሰው ፊት ገሠጹት። አንገቱን ደፍቶ ሰማ። ሁለቱም ሰፈሮች በአንድ በር ጎን ለጎን እንዲገቡ፣ ሽማግሌዎቹም ለሰላሙ እንዲፈርሙ ታዘዘ። ሙቱያ የኢሳኪን ዕቃ ደጅ አወጣለት። ፑንኮዲ ግን መንገድ ላይ ሲያገኛት አሁንም እንደማታውቀው ታልፈው ነበር።

የበዓሉ ዕለት በሩ አጠገብ፣ ማይክራፎኑን ይዞ፣ ዓይኑን መሬት ላይ ተክሎ ቆመ። እሷ ማሰሮዋን ተሸክማ መጣች፤ እፊቱ ስትደርስ ቆም አለች። ሰልፉም ከኋላዋ ቆመ። ሙቱያ ከደረጃው ላይ ያያል። ማሰሮው አዘነበለ፤ ኢሳኪ ግን እጁን ለመዘርጋት አፈረ። በየትኛው ፊቱ?

«ዘንድሮስ?» አለችው። «ዘንድሮም አላየኸኝም?»

በአንድ እጁ ማሰሮውን ያዘ።

«አየሁሽ... ይቅር በይኝ፣ አየሁሽ።»

«ለእኔ ብቻ ነው የምትነግረኝ? ያ የያዝከው ምንድን ነው?»

ማይክራፎኑን ወደ አፉ አስጠጋ። ፊቱ በእፍረት ነደደ።

«አይቻታለሁ!» አለ። መንደሩ በሙሉ ሰማ። «አምናም አይቻታለሁ! እወዳታለሁ!»

ባልቴቷ ጎመን ሻጭ እልልታቸውን አቀለጡት። ፑንኮዲ እያለቀሰች ሳቀች።

«በል ያዘው፣ ይከብዳል» አለችው። «ስንወጣ እናቴ ዘንድ እንሄዳለን። እዚያም እንዲሁ ጮክ ብለህ ትነግራታለህ።»

«እሺ» አለ ኢሳኪ፤ ማሰሮውን ደግፎ አብሯት ገባ።