አራተኛው አሜን

ይህ ነገር ሆኗል። ስድሳ ስምንት ዓመቴ ነው፤ በዚህ ዕድሜ ውሸት ተሸክሜ ጌታ ፊት መቅረብ አልፈልግም።

ቦታው ዲላ፣ የገዛ ቤቴ ሳሎን። ቀኑ እሑድ፣ ሰዓቱ ከቀኑ ዘጠኝ። ጨለማ አልነበረም። መስኮቱ ክፍት ነው፤ የጎረቤት ልጆች ኳስ ሲጫወቱ ይሰማኛል።

የምኖረው ከልጅ ልጄ ከሮሆቦት ጋር ነው። ዩኒቨርሲቲ ፊዚክስ ትማራለች። እናቷ ማርቲ፣ የእኔ ልጅ፣ ሥራዋ ሐዋሳ ነው። ወንዱ ልጄ ዘነበ ገደብ ከተማ፣ እሸት ቡና ማጠቢያ ውስጥ ይሠራል። ሮሆቦት ዶርም አትገባም፣ ዓይኔ ሥር ትሁን ያልኩት እኔ ነኝ። አደራዋ የእኔ ነው።

እሑድ እሑድ ከአምልኮ መልስ አራታችን በስልክ አንድ ላይ እንጸልያለን። ታላቅ ስለሆንኩ የምባርከው እኔ ነኝ። ስም እጠራለሁ፣ የተጠራው "አሜን" ይላል።

መጨረሻ ላይ የማልተዋት አንዲት ነገር አለች። ከእናቴ የያዝኳት ናት። ሰው ረስቼ እንዳላልፍ ስለምፈራ...

"ስሙን ያልጠራሁትንም፣ በዚህ ቤት ያለውን ሁሉ ባርክ።"

ይህችን ያዙልኝ።

የዚያን እሑድ ሮሆቦት አዲስ የጆሮ ማዳመጫ አጠለቀችልኝ። እሷም በራሷ ስልክ የራሷን አድርጋ ፊት ለፊቴ ተቀመጠች።

"ስፓሻል ሞድ ላይ አደረግኩልሽ አኮ" አለችኝ። አኮ የምትለኝ አያቴ ማለቷ ነው።

"ምን አደረግሽኝ?"

"ድምፁ ቦታ ይይዛል። እናቴ በመስኮቱ በኩል ትመጣልሻለች፣ ጋሼ ዘነበ በውጭው በር፣ እኔ ከፊትሽ። ዞር ብትዪም ቦታቸውን አይለቁም።"

"እስቲ እሺ።"

"ላብራቶሪ ውስጥ ደግሞ ይሄው ሞድ የሚለው ስም የብርሃን ነው" ብላ ጠረጴዛው ላይ ያለውን አሳየችኝ። ለፕሮጀክቷ ያመጣችው ትንሽ ቀይ ሌዘርና ፀጉር የሚያህል የመስታወት ክር። ብርሃኑ በክሩ አልፎ ግድግዳው ላይ አንዲት ቀይ ነጥብ ጥሏል። ክሩን በጣቷ ነካ ስታደርገው ነጥቧ ለሁለት ተከፈለች።

"ሞድ ማለት ብርሃኑ ክሩ ውስጥ የሚይዘው ቅርጽ ነው። ሰው ሲነካው ይለወጣል። የኔትወርክ ሰዎች ደግሞ በየቅርጹ የተለያየ ወሬ ሊልኩበት ይሞክራሉ። አንድ ክር፣ ብዙ ወሬ።"

"አይደባለቅም?"

"አንዳንዴ ካንዱ ወዳንዱ ያንጠባጥባል" ብላ ሳቀች።

ጸሎት ጀመርን።

ማርቲን ጠራሁ። "አሜን" ከመስኮቱ።

ዘነበን ጠራሁ። "አሜን" ከውጭው በር። እውነትም እዚያ የቆመ ነው የሚመስለው።

ሮሆቦትን። "አሜን" ከፊቴ።

"ስሙን ያልጠራሁትንም፣ በዚህ ቤት ያለውን ሁሉ ባርክ..."

"አሜን።"

ከኋላዬ።

ከኋላዬ ያለው የመኝታ ቤቱ በር ነው። መጋረጃ ብቻ ነው ያለው።

ዞርኩ። መጋረጃው አልተንቀሳቀሰም።

"እንግዳ አለ እንዴ እማዬ?" አለ ዘነበ።

"የለም።"

"ታዲያ አሁን አሜን ያለው ማነው?"

"የቡናው ማሽን ጆሮህን ጨርሶታል አንተ" አለች ማርቲ። "እማዬ ለራሷ አሜን ብላ ነው።"

እኔ አላልኩም።

ሮሆቦት ማሚቶ ነው አለች። ማሚቶ ግን የሰው ድምፅ ይመልሳል እንጂ የራሱን አያመጣም። ያ ድምፅ የማናችንም አልነበረም። ብዙ ቆሞ እንደጠበቀ ሰው... ደከም ያለ።

ሳምንቱን እንዴት እንዳለፍኩት እኔ ነኝ የማውቀው። አልጋ ሥር አየሁ። ቁም ሣጥን ከፈትኩ። ጠዋት ጠዋት ሮሆቦትን ባጃጅ ድረስ ሸኘኋት። ቀን ሦስቴ እደውላለሁ።

"አኮ፣ ላብራቶሪ ነኝ።"

"ከማን ጋር?"

"ከጓደኛዬ ከሀሌሉያ ጋር። ሰላም ነኝ። ዝጊው በቃ።"

በሁለተኛው እሑድ ያቺን አባባል አልላትም ብዬ ነበር። አፍ ግን ለምዷል...

"ስሙን ያልጠራሁትንም..."

ገና ሳልጨርስ።

"አሜን።"

ከመኝታ ቤቱ አይደለም አሁን። ከሳሎኑ መሃል። በእኔና በሮሆቦት መካከል።

እናንተ ልጆች፣ ሌሎቹ ድምፆች ቦታቸውን አይለቁም። እሱ ለቅቋል።

ለማርቲ ነገርኳት። ሳቋ አልመጣም። "እማዬ... ያቺን አባባል ተያት" ብቻ አለችኝ።

ተውኳት። በሦስተኛው እሑድ ሦስት ስም ጠርቼ፣ ሦስት አሜን ሰምቼ አፌን ገጠምኩ።

አዳመጥኩ።

ከውጭ የኳስ ድምፅ...

ከዚያ በሹክሹክታ፦

"እኔስ?"

ከሮሆቦት ወንበር። ልክ ከአፏ። አፏ ግን ተዘግቷል፤ እኔን ታያለች።

"አኮ፣ ምን ሆንሽ?"

"ተነሺ ከዚያ ወንበር።"

"ለምን?"

"ተነሺ አልኩሽ። ይሄንንም ሞድ አጥፊልኝ።"

አጠፋችው። አሁን ሁሉም ድምፅ መሃል ጭንቅላቴ ገባ። ማርቲ ምን ሆናችሁ ትላለች፣ ዘነበ በጌዴኦኛ ጮክ ብሎ መንፈሱን ይገሥጻል፣ ሁሉም አንድ ቦታ። በመካከላቸውም...

"እኔስ?"

የት እንዳለ ማወቅ አልቻልኩም። ሮሆቦት አጠገብ ይሁን፣ እኔ ትከሻ ላይ። ቤት የገባ እባብ ሲታይ ይሻላል።

"መልሺው። ሞዱን መልሺው።"

ስትመልሰው የለም። ማርቲ በመስኮት፣ ዘነበ በበር። ሌላ ማንም የለም።

"ነይና ውሰጃት" አልኳት ማርቲን። ዓይኔ ሥር ትሁን ያልኩት እኔ፣ ከዓይኔ ትራቅ አልኩ።

ትናንት ማርቲ መጣች። ታክሲው ደጅ ቆሟል። ሻንጣው ወጥቷል። ሌዘሯ ውስጥ እንደበራ ነው፤ ሮሆቦት ልታጠፋው ከመመለሷ በፊት በሩ ላይ ጎንበስ አለችልኝ።

"መርቂኝ አኮ።"

ልጅ ከቤት ሳይመረቅ አይወጣም። እንዴት እምቢ ልበል? ሆኖም አፌን ለመክፈት ፈራሁ። እጄን ራሷ ላይ ጭኜ በዝግታ፣ አንድ ስም ብቻ...

"ሮሆቦትን ባርክ። ሮሆቦትን ብቻ።"

"አሜን" አለች።

ማዳመጫ ጆሮዬ ላይ አልነበረም። ሌላ ድምፅ አልሰማሁም። ጌታ ይመስገን ልል ቀና ስል ሮሆቦት እጄን ያዘችኝ። ግድግዳውን እያየች ነበር።

"አኮ... እናቴ ቤት ውስጥ ናት?"

"ታክሲው ጋ ናት።"

ሳሎኑ ባዶ ነው። ክሩ ጠረጴዛው ላይ እንደተዘረጋ ነው፤ ከእኛ አምስት እርምጃ ይርቃል፤ የሚነካው ሰው የለም።

ግድግዳው ላይ ቀይዋ ነጥብ ለሁለት ተከፍላለች።