ከንግሥቲቱ ጉድጓድ የወጡት ቅርጫቶች

ይህ በራሴ፣ በአዋድ ላይ የደረሰ ነው። ማመን አለማመን የእናንተ ፋንታ።

የጀመረው በቀትር ነው... ጥላ እግር ሥር በሚገባበት ሰዓት።

ከመንደራችን በላይ ያለውን የፈረሰ ፒራሚድ የምጠብቀው እኔ ነኝ። ድንጋዩን የጥንት ሰዎች ለቤት መሥሪያ ወስደውት የጭቃ ጡብ ክምር ብቻ ቀርቷል። ዙሪያውን የንግሥታት መቃብሮች አሉ።

በሦስተኛዋ ንግሥት ጉድጓድ ውስጥ ወንድሜ ሂላል አለ።

ከስድስት ዓመት በፊት አብረን አሸዋ ስናወጣ ጉድጓዱ ተናደበት። የመውረድ ተራው የእኔ ነበር። ወገቤን አሞኛል ብዬ ቀረሁ። ቀይ ጨርቅ የታሰረበትን የእኔን ቅርጫት ይዞ ወረደ። ቁፋሮው ሲቆም እሱም እዚያው ቀረ።

እኛ አሸዋ አውጪዎች በዘፈን ነው የምንሠራው። ከላይ አንዱ ያዜማል፣ ከታች ያሉት ይቀበላሉ፣ የተቀበለ ቅርጫቱን ሞልቶ ይሰጣል። ሰው በሌለበት ጉድጓድ ላይ ማንም አያዜምም።

እኔ አዜምኩ። ብቸኝነት አንገሸገሸኝ።

"ሄላ ሄላ..."

ወደ ጉድጓዱ ጎንበስ ብዬ ደገምኩ።

"ሄላ ሄላ..."

"...ሄላ።"

ከሥር ነው። ከዚያ ሳል ተከተለ። ሂላል አቧራው ስለሚከብደው መጨረሻው ላይ ሁልጊዜ ያስል ነበር።

ፈራሁ ብል ውሸት ነው። ደስ አለኝ።

በማግስቱ ጉድጓዱ አፍ ላይ አንድ ቅርጫት አሸዋ ተቀምጧል። እጄን ከተትኩበት... እርጥብ ነው። በዚያ ሐሩር!

ከዚያ ወዲያ በየቀኑ አዜምኩ። በየቀኑም ቅርጫት ወጣ።

ሽማግሌው ባልደረባዬ መትወሊ አንድ ቀን ሊተካኝ ሲመጣ ጆሮዬ ሥር ተጠጋ።

"አንተ፣ ለማን ነው የምታዜመው?"

"ሰው ናፍቆኝ ነው አጎቴ።"

"ስንት ቅርጫት ወጣ?"

"ሠላሳ ስምንት።"

ፊቱ አመድ መሰለ።

"በአርባኛው ቅርጫት ተራ እንደሚለወጥ ጠፋህ? የታችኛው ይወጣል፣ የላይኛው ይወርዳል... አፍህን ዝጋ፣ ልጄ።"

ትናንት ሠላሳ ዘጠነኛው ወጣ።

ዛሬ በቀትር አፌን በሻሼ አሰርኩ። ከጎጆዬም አልወጣሁም። ግን እሱ ይውጣልኝ እያለ ልቤ ሲለምን ይሰማኝ ነበር።

"ሄላ ሄላ..."

ያዜመው ከሥር ነው። አስሎ ጠበቀኝ።

አልተቀበልኩም። በአላህ እምላለሁ፣ ትንፍሽ አላልኩም።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ወጥቼ አየሁ። ጉድጓዱ አፍ ላይ አርባኛው ቅርጫት ተቀምጧል።

ባዶ ነው። ቀይ ጨርቅ ታስሮበታል፤ የእኔው ቅርጫት ነው፣ ተራውም የእኔ።

እጀታው ላይ የአምስት ጣት ላብ አለ... ገና አልደረቀም።