መዘምራኑ ያለ ጋውን

«ይቺን ቁረጫት» አሉ ጋሼ ጌዲዮን፣ የቤተ ክርስቲያኑን አዳራሽ ቴሌቪዥን ስክሪን በጣታቸው እየነኩ።

ስክሪኑ ላይ ያለችው የደቦራ እናት ሸዋወርቅ ናት። ካናዳ ውስጥ፣ ዳውንታውን ካልጋሪ ባለ የነዳጅ ኩባንያ ፎቅ ላይ፣ ሰማያዊ የጽዳት ዩኒፎርሟን ለብሳ ቫክዩም እየገፋች፣ እሑድ የምትዘምረውን ትለማመዳለች። ግጥሙ ሲጠፋት ቫክዩሙን ታጠፋና ከኪሷ ወረቀት አውጥታ ታያለች። ደቦራ ከቀረጸችው ሁሉ አብልጣ የምትወደው ይሄን ነው።

«ለምን፣ ጋሼ? ሁሉንም አስፈቅጄ እኮ ነው የቀረጽኩት።»

«መዘምራን በጋውን ነው የሚታዩት። ቪዲዮው ነገ ከነገ ወዲያ ተባዝቶ አገር ቤት ይላካል። ሰው ምን ይላል?»

«ሥራ አላቸው ይላላ!»

ጋሼ ጌዲዮን የመዘምራኑ መሪ ናቸው። ደቦራ ገና በአሥራ ሁለት ዓመቷ የደረሰችውን መዝሙር ለመዘምራኑ ያስጠኑት እሳቸው ናቸው። አሁን አሥራ አምስት ሞልቷታል፤ ቤተ ክርስቲያኑ በሚያወጣው የመጀመሪያ ካሴት ላይ ሦስት መዝሙር አላት። ካሜራ ከተዋሰች ወዲህ ግን ልቧ ፊልም ላይ ነው። መዘምራኑን በየሥራ ቦታቸው የሚያሳየው የሰባት ደቂቃ ፊልሟ ቅዳሜ በወጣቶች ፕሮግራም ላይ ይታያል።

«ስሚኝ ልጄ፣ ላንቺ የተሰጠሽ ዜማ ነው። ቪዲዮ ለሰርግ ይበቃል። የወጣቶቹን ፕሮግራም አልከለክልም፤ ካሴቱ ግን የኔ ኃላፊነት ነው። ካልቆረጥሽ መዝሙሮችሽ ከካሴቱ ይሰረዛሉ። እስከ ሐሙስ አስቢበት።»

ሦስቱም! የደቦራ እንባ መጣ፤ ከንዴት እንጂ ከሐዘን አይደለም። ስሟን ካሴት ሽፋን ላይ ለማየት ሁለት ዓመት ሙሉ ጠብቃለች።

ወደ ቤት ሲሄዱ መኪና ውስጥ ለእናቷ ነገረቻት።

«ቁረጪው በቃ» አለች ሸዋወርቅ እየነዳች። «በኔ የተነሳ ስምሽ አይቅር።»

«እማ፣ ሲሪየስሊ? ታፍሪያለሽ እንዴ?»

«እኔ? ምን ሰርቄ ነው የማፍረው? ሠርቼ ነው የምበላው!»

«ሶ? ታዲያ ለምን ልቁረጠው?»

ሸዋወርቅ ቀይ መብራት ላይ ቆማ ልጇን አየቻትና ሳቀች። «አንቺ ግትር! ለነገሩ ድምፄ እዚያ ጋ አያምርም?»

ሐሙስ ልምምድ ሳይጀመር ደቦራ ቀድማ ደረሰች። ጋሼ ጌዲዮን ኪቦርዱን እያስተካከሉ ነበር።

«ቆረጥሽው?»

«አልቆረጥኩትም። መዝሙሮቹን ከካሴቱ ያውጧቸው።»

ጋሼ ጌዲዮን መነጽራቸውን አወለቁ። «ስምሽ ይቀራል እኮ፣ ልጄ። እንዲህ ያለ ዕድል መቼ ይመጣል?»

ደቦራ እነዚያን መዝሙሮች ትወዳቸዋለች። ቢሆንም አንገቷን አልደፋችም።

«ስሜ ፊልሙ ላይ አለ፣ ጋሼ። ከእማዬ ስም ቀጥሎ። የአዳራሹን ቁልፍ ይሰጡኛል? ለቅዳሜ ቴሌቪዥኑን ልሞክረው።»

እጇን ዘርግታ ጠበቀች።