አስራ ሦስተኛውን ወር ያወቀ ኮምፒውተር

ከሁሉ በፊት አንድ ነገር እወቅልኝ ወዳጄ፣ እኔ ደምሌ በእንዲህ ያለ ነገር አምኜ አላውቅም፣ ጋኔን ነው፣ ዛር ነው፣ ቆሌ ነው ሲሉኝ የምስቅ ሰው ነኝ። ጎልማሳ ሳለሁ ከጅጋ በታች ያለው ወንዛችን ቀትር ላይ ሰው በስሙ ይጠራል ተብሎ አገሩ ሁሉ ዞሮ ሲሄድ፣ እኔ በሬዎቼን ነድቼ እዚያው አጠጣ ነበር፣ የጠራኝም የለ፣ ቢጠራኝም ሥራ ላይ ነኝ እለው ነበር። ፊደሌ የዶሮ ጭረት ነው፣ ዳዊት ሳልደግም ነው ከቄስ ትምህርት ቤት የወጣሁት፣ ቁጥር ግን አይስተኝም። ይቺን ያዝልኝ፣ ቁጥር አይስተኝም፣ ነገሩ የቁጥር ነውና።

ጉልበቴ እርፍ አልጨብጥ ሲል መሬቴን ለእኩል አራሽ ሰጥቼ ፍኖተ ሰላም ገባሁ። እናታቸው ካረፈች ወዲህ ልጆቼ በየአገሩ ተበትነው አጠገቤ የቀረችው የመጨረሻዋ ናት፣ ማስተዋል። እሷ እንግዲህ መንገድ ዳር ያለውን የፊት ክፍላችንን ጌም ቤት አደረገችው፣ ጎረምሶች እየመጡ ቴሌቪዥን ላይ ኳስ የሚጫወቱበት ማለት ነው። ጌም ቤት በየሰፈሩ ሲበዛ ጊዜ ያላትን ሁሉ አራግፋ ከባሕር ዳር አንድ ያገለገለ ኮምፒውተር አመጣች፣ ጎረምሶቹ ሁሉ የሚያብዱለት አንድ የተኩስ ጨዋታ አለ፣ እሱን በከተማችን የሚያጫውት ሌላ ቤት አልነበረም።

ጨዋታው ግን ዝም ብሎ አይከፈትም፣ ከፊቱ ላውንቸር የሚሉት ነገር አለው። እኔ እንደገባኝ ደጃፍ ማለት ነው፣ በደጃፉ ካላለፍክ ጨዋታው ቤት አትገባም። ደጃፉ እምቢ አለ። ስትነካው አንዲት ክብ ነገር ትዞራለች፣ ትዞራለች፣ ትዞራለች፣ ከዚያ ድርግም። ማስተዋል ያላደረገችው የለም፣ አጥፍታ አበራችው፣ ነቅላ ሰካችው፣ ላውንቸሩን ከነሥሩ አጥፍታ እንደ አዲስ ጫነችው፣ ከቫይረስ የሚጠብቀውን ዘበኛ አስተኛችው፣ የኢንተርኔቱን ዕቃ ከግድግዳ አውርዳ መስኮት ላይ አቆመችው። ክቧ ትዞራለች፣ ድርግም።

ጊዜው ፍልሰታ ነበርና ጎረምሶቹ ደጃፍ ላይ ተደርድረው ያላግጡባት ጀመር። «ማስቲ፣ ኮምፒውተርሽ ጾም ይዟል እንዴ? እስኪፈታ እንጠብቅ?» ይሏታል። ጎረቤታችን ጥሩሰው ደግሞ መጣችና «አያ ደምሌ፣ ኧረ ጠበል ይረጭበት፣ ያገለገለ ዕቃ ነው፣ የማን እጅ እንደነካው አይታወቅም» አለችኝ።

«መብራት ያለበት ነገር ላይ ውሃ ረጭተሽ ተዝካሬን ልትበዪ ነው?» አልኳት፣ ኩርፍ ብላ ሄደች።

ጾሙ ተፈታ፣ ላውንቸሩ አልተፈታም። ይኼኔ ነው አንድ ደላላ ብቅ ማለት ያበዛው፣ ሴቶችን ለሥራ ዓረብ አገር የሚልክ። ማስተዋል አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ኮምፒውተሩ ፊት እንደተቀመጠች «አባባ፣ እኔ ልሂድ፣ እዚህ ምን አለኝ?» አለችኝ። ወዳጄ፣ እኔ ብዙ ነገር ችያለሁ፣ ይሄን ግን ጆሮዬ አልቻለውም። ተነሳሁና እጄን ኮምፒውተሩ ራስ ላይ ጭኜ፣ «ጳጉሜ ሳታልቅ እግርሽ ከዚህ ደጃፍ አይወጣም፣ ሩፋኤል ዋሴ ነው!» አልኩ።

«ካለቀችስ?»

«ካለቀች መንገድሽን አልዘጋም።»

በእኛ አገር ቅዱስን ዋስ የጠራ ሰው ቃሉን አያጥፍም፣ እሷም ታውቃለች፣ «በጄ» አለች። ኮምፒውተሩ ራስ ላይ ለምን ጫንኩት ብትለኝ ሌላ የሚጨበጥ ነገር አጠገቤ አልነበረም፣ ሌላ ትርጉም አትስጠው።

ጳጉሜ ስትጠባ ከቡሬ ሀብታሙ የሚባል ጠጋኝ አስመጣን፣ ልጅ እግር ነው ግን ሥራውን ያውቃል። ገና አንድ ጊዜ አየት አድርጎ ሳቀ። «ጌታው፣ ዓመቱንና ሰዓቱን ማነው እንዲህ ያደረገው?»

እኔ ነኝ! ማስተዋል ኮምፒውተሩን እንዳመጣች የጥጉን ሰዓት ሳየው ዓመቱ የፈረንጅ ነው፣ ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ ሰባት ይላል፣ በቤቴ ውሸት የሚናገር ዕቃ አላስቀምጥም አልኩ፣ እሷም የአባት ቃል ነውና ወደ እኛው አዞረችልኝ። ሀብታሙ እንዳለው ላውንቸሩ ባሕር ማዶ ካለው አለቃው ጋር ሲነጋገር ዓመት ያስተያያል፣ ካልገጠመለት አይከፍትም።

«ታዲያ አለቃው አይስተካከልም?» አልኩት፣ «ጅብ በማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ አለ ይባላል፣ ይሄ ደግሞ በምናውቀው አገራችን መጥቶ ዘመናችሁን አንሱልኝ ይበል?»

«ኧረ እርስዎ፣ ለጨዋታ ብቻ ነው» አለና አዞረው፣ ላውንቸሩም ብልጭ ብሎ ተከፈተ። ማስተዋል እልል አለች። እልልታዋ ሳያልቅ መብራት ጠፋ። ተመልሶ ሲመጣ ሰዓቱ ወደ እኛው ዞሯል፣ ደጃፉም ተዘግቷል። ሀብታሙ «ባትሪው ነው» አለና ሆዱን ከፍቶ አንዲት ክብ ባትሪ ቀየረለት፣ እንደገና አዞረው፣ እንደገና ተከፈተ፣ እሱም ወደ ቡሬው ተሳፈረ።

በነጋታው ማስተዋል «አባባ፣ ይምጡ እስቲ» አለችኝ፣ ድምፅዋ ደስ አላለኝም። ሰዓቱ ተመልሷል። ይመለስ፣ እኔ ምን ገዶኝ፣ ግን ወሩ የሚጻፍበት ቦታ ላይ አስራ ሦስት ይላል፣ ቀኑ ሁለት።

«ጳጉሜ ሁለት ነዋ፣ ልክ ነው» አልኳት።

«አባባ፣ ኮምፒውተር አስራ ሦስተኛ ወር የለውም። ያኔ ለእርስዎ ስቀይረው ነሐሴን አስራ ሁለት ብዬ አስገባሁ፣ ከዚያ በላይ አይቀበልም።» እፊቴ ሞከረችው፣ በእጇ አስራ ሦስት ልታስገባ ስትል እምቢ አላት፣ ራሱ ግን ጽፎታል። ፎቶ አንስታ ለሀብታሙ ብትልክለት «ለበዓል ቀልድ አታጡም» ብሎ ሳቀ። ላውንቸሩን ብትነካው ክቧ ትዞራለች፣ ድርግም።

እኔ እውነቱን ልንገርህ፣ ኮራሁ። አገሩን ያወቀ ዕቃ ነው አልኩ።

ከዚያ ሩፋኤል ሆነ። የሩፋኤል ዝናብ በረከት ነው ተብሎ ሕፃን አዋቂው እንደሚጠመቅበት ታውቃለህ፣ ያን ቀንም ከቀትር በኋላ ዘነበ፣ እንዴት ያለ ዝናብ! ሰፈሩ ሁሉ ወጣ። ማስተዋልም ከጭንቀቷ ሁሉ ወጥታ፣ ጸጉሯን ለቃ ከሕፃናቱ ጋር መንገዱ መሐል ትዘላለች። እኔ በረንዳው ጫፍ ላይ ዱካዬ ላይ ተቀምጫለሁ፣ ዞር ብላ አየችኝና እየሳቀች «አባባ፣ ይግቡ፣ ዝናብ ይመታዎታል!» አለችኝ። እንዲያ ስትስቅ ካየኋት ቆይቼ ነበር፣ ብቻ እንባዬ እንዳይታይ ብዬ ገባሁ።

ክፍሉ ውስጥ ማንም የለም። ኮምፒውተሩ ግን ሆዱ ውስጥ ያለው ማራገቢያ እንደ ንብ ቀፎ ያጉረመርማል፣ ማውዙ ደግሞ ማንም ሳይነካው ጭቅ ይላል፣ ዝም ይላል፣ ጭቅ ይላል። ቀና ስል ላውንቸሩ ተከፍቷል፣ ጥጉ ላይ አስራ ሦስት፣ ሦስት። ቆም ብዬ ስሰማ ጆሮ ላይ ከሚደረገው ማዳመጫ አንድ ድምፅ ይወጣል፣ አንስቼ ጆሮዬ ላይ አደረግሁት። ዝናብ ነው። የሕፃናት ጩኸት አለበት፣ ከጩኸቱ መሐል ደግሞ ልጄ፣ «አባባ፣ ይግቡ፣ ዝናብ ይመታዎታል» ትላለች፣ ትስቃለች።

ይሄ ነገር መናገሪያ አለው፣ የውጭውን ድምፅ ስቦ ነው አልኩ ለራሴ፣ እመነኝ እንዲህ ነው ያልኩት። መልሼ ላስቀምጠው ስል ነው ገመዱን ያየሁት። አልተሰካም። ጫፉ ወንበሩ ላይ ተንጠልጥሏል።

ለማንም አልተናገርኩም። ምን ብዬ? ላውንቸሩ ተከፍቷል፣ ጎረምሶቹም ሰምተው ጎረፉ፣ በቀሩት የጳጉሜ ቀናት ቤታችን ሰው አላነሰውም። ማስተዋል ግን ሻንጣዋን ማዘጋጀቷን አልተወችም። «አባባ፣ ይሄ የበዓል ገበያ ነው፣ ልጆቹ ትምህርት ቤት ሲገቡ ማን ይመጣል? ቃልዎ ጳጉሜ እስክታልቅ ነው» አለችኝ፣ እኔም ቃሌ ነውና ዋጥ አደረግሁት።

የእንቁጣጣሽ ዕለት ማለዳ ልጃገረዶች አበባየሆሽ እያሉ በደጃችን ያልፋሉ፣ ደላላው መኪና ይዞ ቆሟል፣ ሻንጣዋ በር ላይ ነው። እኔ ላለማልቀስ ብዬ ዞር ስል ዓይኔ ኮምፒውተሩ ላይ ወደቀ። አስራ ሦስት፣ ስድስት። ያን ዓመት ጳጉሜ አምስት ነበረች ወዳጄ።

«ማስተዋል! ጳጉሜ አላለቀችም!» ብዬ ጮህኩ።

ደላላው ገብቶ አየና «አያ ደምሌ፣ ደህና ነዎት? አገሩ ሁሉ እንቁጣጣሽ እያለ?» አለኝ።

«እንግዲያው አገሩን ሁሉ ውሰደው፣ ልጄን ግን አትወስዳትም፣ ዋስ ጠርቻለሁ፣ ዋሴ ሲለቀኝ ትሄዳለች!»

ማስተዋል ያቺን ቁጥር ቆማ ረጅም ጊዜ አየቻት። ትቆጣለች ብዬ ነበር፣ አልተቆጣችም። ሻንጣዋን አንስታ ወደ ውስጥ ገባች።

ኮምፒውተሩም ቀጠለ። ጳጉሜ ሰባት አለ፣ ስምንት አለ፣ መስቀል ሲደመር እሱ ጳጉሜን ይቆጥራል። ሀብታሙ ከቡሬ መጣ፣ አሁን አልሳቀም። ወደ ፈረንጁ ሲያዞረው፣ በፊት በዚያው ይከፈት የነበረው ላውንቸር አሁን እምቢ አለ፣ ወደ አስራ ሦስቱ ሲመለስ ብቻ ነው የሚከፈተው። ባትሪውን አውጥቶ፣ ገመዱን ነቅሎ «ይደር፣ የሚቆጥርበት የለውም» አለ። በነጋታው ሲሰካው አንድ ቀን ጨምሯል። ሀብታሙ ዕቃውን ሰበሰበና «ጌታው፣ እኔ ሚስትና ልጅ አለኝ» ብሎ ወጣ፣ ከዚያ ወዲህ ስልኬን አያነሳም።

ጥሩሰው ሰባብረው ትለኛለች። አልሰብርም! በገዛ ቤቴ የማን ቁጥር ፈርቼ? ጎረምሶቹም ይስቃሉ፣ «ማስቲ ጋ ሁልጊዜ ጳጉሜ ነው» ይባባላሉ፣ እየሳቁም ይጫወታሉ። እኔም ከእነሱ ጋር ስስቅ ከረምኩ፣ እስከ ታኅሣሥ።

በታኅሣሥ ያ ደላላ ደግሞ መጣ፣ የበፊቱን የሚያስንቅ የአሠሪ ቤት ተገኝቶላታል ብሎ። እኔ ልመልስለት አፌን ስከፍት ማስተዋል ከውስጥ፣ ዓይኗን ከኮምፒውተሩ ሳታነሳ፣ «ጳጉሜ መች አለቀችና?» አለችው። ሳቋን ጠበቅኩ። አልሳቀችም። እንደማሾፍም አይደለም፣ ሰው ዛሬ ማክሰኞ ነው እንደሚለው ነው ያለችው። ደላላው እኔን አየኝ፣ እኔ መሬቱን አየሁ። ጸጉሯ ተለቆ ነበር፣ ማዳመጫው አንገቷ ላይ።

ያን ቀን እሷ ወደ ጓሮ ስትወጣ ገባሁና እጄን እንደ ድሮው ኮምፒውተሩ ራስ ላይ ጫንኩ። «ሩፋኤል ሆይ፣ ዋስትናህን አውርጃለሁ፣ ልጄ ብትሄድም ብትቀርም በፈቃዷ ይሁን። ዋስ የሆነኝ ሩፋኤል ካልሆነ ደግሞ፣ አንተ ማንም ሁን፣ አልጠራሁህም፣ ልቀቃት» አልኩ። ማራገቢያው አጉረመረመ። በነጋታው አየሁት፣ አንድ ቀን ጨምሯል። ግትር ነህ እያሉ የሚያሙኝ ሰዎች መጥተው ግትር ይዩ።

አልነቅለውም፣ አልሰብረውምም። ጀምሬዋለሁ፣ ቁጥሩ የት እንደሚደርስ አያለሁ፣ ዕድሜ ከሰጠኝ እሱን ሳልረታ አልሞትም።

ትናንት ከሰዓት በኋላ በረንዳው ጫፍ ላይ ዱካዬ ላይ ሆኜ ፀሐይ እሞቃለሁ፣ ሰማዩ ጥርት ያለ ነው፣ መንገዱ አቧራ ነው፣ ደመና የሚባል ለምልክት የለም። ማስተዋል በሩ ላይ ቆመች። አየችኝና እንደዚያን ቀኑ ሳቀች፣ ልክ እንደዚያን ቀኑ፣ «አባባ፣ ይግቡ፣ ዝናብ ይመታዎታል!» አለችኝ።

ገባሁ። ዝናቡን ፈርቼ ግን እንዳይመስልህ።